ከመወዳደርህ በፊት የምታነባቸው የመሪዎች ሕይወት

ይድረስ ለምሳሳልህ ታናሽ ወንድሜ ለሮብሌ፤ ካርዲፍ።

አሰላሙ ዓለይኩም። እንዴት ሰነበትክ? አውቶቡስ ስትነዳ የሚጠዘጥዝህ ወገብህስ እንዴት አደረገህ? ባለቤትህ ከልቱን ደህና ናት? ልጆቹ ኢዲልና ሰሃል እንዴት ናቸው? ብርዱን ቻላችሁት? አማትህ ሹክሪስ፣ ያን ደረጃ ዛሬም እየተሳደበች ነው የምትወጣው? እኔ ምስጋና ለአላህ ይሁንና በጤናዬ በኩል የማማርረው የለኝም፤ ጉልበቴ ዳገት ሲያይ ያጉረመርማል እንጂ ሜዳ ላይ ይታዘዘኛል። ዝናቡ ገና ነው፤ ደመናው ይመጣል፣ ያንዣብባል፣ ወደ በርበራ ይሄዳል። ፍየሏም ደህና ናት። የፍየል ጤና ምን ያደርግልኛል እንዳትል። ሚስቴ ኤብላ ካረፈች ወዲህ በዚህ ቤት ከእኔ ሌላ የምትተነፍሰው ፍየሏ ብቻ ናት፤ ስለ እርሷ ካልጻፍኩ ስለ ቤተሰብ የምጽፍልህ ነገር የለኝም።

ስልክ እያለ ወረቀት ምን አስያዘው ትል ይሆናል። በስልክ አንተም «ደህና ነን» ትላለህ፣ እኔም «ደህና ነን» እላለሁ፣ ስለ አየሩ ትንሽ እናወራና ይዘጋል። በዚያ ላይ የእኔ ስልክ የእኔ ብቻ አይደለም። የመጻሕፍት መደቤ ላይ ሳለሁ ስትደውል ሻይ ጠጪው ሁሉ ጆሮውን ያቆማል፤ «ድምፁን ከፍ አድርገው እንጂ፣ እኛም ወንድሞቹ ነን» የሚለኝም አለ። በዘመዶቻችን የስልክ ቡድን ውስጥ የተነገረ ነገር ደግሞ ፀሐይ ሳትጠልቅ ቡርዖ ይደርሳል። ስለዚህ ከመጻሕፍት መደቤ ጎን ሻይ የምታፈላው አምበሮ ሴት ልጇ ወደ እናንተ አገር ስለምትበር፣ ይህን ደብዳቤ ከመጻሕፍቱ ጋር አስሬ ለእርሷ ሰጠኋት። አደራዬ ለብቻህ ሆነህ አንብበው።

የጎሳችን ሽማግሌዎች ደውለው «ለምክር ቤት ምርጫ ዕጩያችን አንተ ነህ» ካሉህና አንተም እሺ ካልካቸው በኋላ የላክኸውን የድምፅ መልእክት ሰምቻለሁ። ሁሉም ሰምቶታል። «ሳማታር፣ አንተ ዕድሜህን ከመጽሐፍ ጋር ነው ያሳለፍከው፤ የፖለቲካ መሪዎችን ሕይወት ማወቅ የሚፈልግ ሰው ምን ምን ያንብብ?» ብለሃል። ለእኔ ብቻ ብትልክልኝ ደግ ነበር። በቡድኑ ውስጥ ስለላክኸው ግን በማግስቱ አምበሮ ዘንድ ያለው አግዳሚ ወንበር ላይ የአገሩ ሊቅ ሁሉ ተሰብስቦ ጠበቀኝ። ታውቃቸዋለህ፤ ተቀምጠው የሚዋጉት ናቸው። አንዱ ጦር መርቶ አገር የያዘ መሪ ካልሆነ ሌላውን አትላክለት አለ። ሌላው እስር ቤት የሞቱትን ብቻ ያንብብ፣ ከእስር የወጡት ለመስረቅ ጊዜ አግኝተዋል ብሎ ተከራከረ። አንድ ጡረተኛ ወታደርማ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል፤ ከዚህ ሌላ ምን የሚነበብ አለ?» ብሎ ተነስቶ ሄደ። አምበሮ ብርጭቆ እያጠበች ስትሰማ ቆይታ ወደ እኔ ዞረችና «የተሸነፉትን ስጠው። ያሸነፉት መች ጻፉት፣ ያጻፉት እንጂ» አለችኝ። የሳቁባትም የተናደዱባትም ነበሩ፤ ሻዩ ግን የሁላቸውም ቀዘቀዘ።

መጽሐፎቹን ከመንገርህ በፊት አነባበቡን ልንገርህ፣ ምክንያቱም የእኛ ሰው የመሪ ታሪክ ሲገዛ የሚሠራውን ስህተት አንተም እንዳትሠራው። እኛ እንዲህ ያለ መጽሐፍ ከኋላ ነው የምንጀምረው። አረብኛ ስለለመድን እንዳይመስልህ፤ ከኋላ የስም ዝርዝር ስላለ ነው። ሁሉም የአያቱን ስም ይፈልጋል፤ ካገኘው ይገዛል፣ ካላገኘው ወርውሮት ይሄዳል። ባለፈው ዓመት አንድ የቀድሞ ሚኒስትር ሕይወቱን አሳትሞ አምጥቼ ነበር። በዛፍ ሥር ስለተደረገ አንድ እርቅ ሲያወራ የአስታራቂውን የዘር ሐረግ ይቆጥርና አንዱን አያት ዘሎታል። የዚያ አያት ልጆች መጽሐፉን ይዘው መጥተው፣ ሰውየውን እኔ የገደልኩት ይመስል መደቤ ፊት ቆሙብኝ። አያታችሁን የዘለልኩት እኔ አይደለሁም ብዬ ብምል ማን ሰምቶኝ። ገንዘባቸውን መለስኩላቸው። በሳምንቱ ደግሞ ከእነርሱ ጋር የማይስማሙት ጎረቤቶቻቸው መጥተው፣ አያት ስለተዘለለ ብቻ፣ የተመለሰውን በሙሉ ገዙት። ያ መጽሐፍ መንገድ ስለማሠራትና ስለ ውሃ የተጻፈ ጥሩ ጥሩ ነገር ነበረው። ከዚያች ከአንዲት ገጽ በቀር ያነበበው ሰው ያለ አይመስለኝም።

ስለዚህ አንተ የምስጋናውን ገጽ አስቀድመህ ክፈት። እዚያ ለፓርቲው ጓዶች ሙሉ ገጽ፣ ለሚስቱ ግን አንዲት መስመር ታገኛለህ፤ «ባለቤቴን ስለ ትዕግሥቷ አመሰግናታለሁ» ይላል። እንደ ተማከሩ ሁሉ ሁሉም የሚጽፉት ይህንኑ ነው። ከዚያ ልጆቹን ፈልጋቸው። ሲወለዱ ይጠቀሳሉ፤ ቀጥሎ የምታገኛቸው ሲዳሩ ነው። በመካከል የት እንደነበሩ አይነገርህም፣ እሱም ስለማያውቅ።

አሁን የላክሁልህን ልንገርህ። ወፍራሙ አንድ የወደብ ከተማ ከንቲባ ራሱ የጻፈው ነው። ሰውየው ራሱን ይወዳል፤ በየገጹ የሚጨበጨብለት እሱ ነው። ቢሆንም ውሃ ለከተማው ያስገባበትን ምዕራፍ እንዳትዘለው። አንድ ሰው ቧንቧ ሊቀብር ሲነሳ ስንት ዘመድ እንደሚቀየመው እዚያ ታያለህ። ሁለተኛው የአንድ ፕሬዚዳንት ሹፌር የጻፈው ነው፤ ያንተ ሙያ ስለሆነ ትወደዋለህ ብዬ ነው። ሹፌሩ ጌታውን አይሰድብም፣ አያወድስም። ከእያንዳንዱ ንግግር በኋላ ሰውየው መኪናው ውስጥ ገብቶ ጫማውን እንደሚያወልቅና «ወደዱኝ?» ብሎ እንደሚጠይቀው ይተርካል። ሹፌሩ ሁልጊዜ «በጣም» ይላል። አንድ ቀን ዝም ቢለው ሰውየው እስከ ቤቱ ድረስ አለቀሰ። ይህን ሳነብ መጽሐፉን አጥፌ ጎዳናውን ሳይ ቆየሁ።

ቀጭኗ ደግሞ ለአገሩ ነፃነት የታገለ ሰው ልጅ የጻፈቻት ናት። የአባቷን ድምፅ ያወቀችው ከሬዲዮ ነው። እቤት መጥቶ ሲያናግራት፣ የሬዲዮው ሰውዬ መጣ ብላ ለእናቷ ነገረቻት። ይህችን መጽሐፍ አንተ አትጀምራት፤ ለከልቱን ስጣት። እርሷ አንብባ የምትልህን ስማ። ሌሎችም ብዙ አሉኝ፣ ግን የአምበሮ ልጅ ሻንጣዋ ሞልቶ የእናቷን ቅመም ልታወጣ ስትል አምበሮ ዓይኗን አፍጥጣ ስላየችኝ ተውኩት።

ከሁሉ አስቀድሜ እንድታነበው የምፈልገው ግን ታትሞ የማይላክ ነው። ሂርሲ ይባላል። አንተ ከሄድክ በኋላ ስለመጣ አታውቀውም። በቀደመው ምርጫ የሌላው ጎሳ ሽማግሌዎች ከቶሮንቶ ጠርተውት፣ ቤቱን ሸጦ፣ ሚስቱንና ልጆቹን «ቦታ ስይዝ ትመጣላችሁ» ብሎ መጣ። ተሸነፈ። ከዚያ ወዲህ ያችኑ ሙሉ ልብሱን ለብሶ ማለዳ አምበሮ ዘንድ ይቀመጣል። የእኛን ሰው ታውቀዋለህ፤ አንዴ ቅጽል ስም ካወጣ እናት ያወጣችውን እስከ መቃብር አያነሳም። ሂርሲን «ዕጩው» ነው የሚሉት። «ዕጩው፣ ጠጋ በል»፣ «ለዕጩው ሻይ ቅጂለት» ይባላል። መጀመሪያ ለማሽሟጠጥ ነበር፤ አሁን ማሽሟጠጥም አይደለም፣ ስሙ ሆኗል። ልጆች እንኳ «አጎቴ ዕጩው» ብለው በአክብሮት ይጠሩታል። ይህ ነው አንጀቴን የሚበላው።

ሂርሲ መጽሐፍ አይገዛም፣ መደቤ ፊት ቆሞ ያነባል። ሌላ ሰው ቢሆን አባርረው ነበር፤ ለእሱ ግን በርጩማ ሰጥቼዋለሁ። የሚያነበውም የመሪዎችን ሕይወት ብቻ ነው። ያንተ መልእክት የመጣ ሰሞን፣ ለወንድሜ የትኛውን ልላክለት ብዬ አማከርኩት። የያዘውን መጽሐፍ ሳይዘጋ እንዲህ አለኝ፦ «እዚህ ያሉትን ሁሉ አንብቤያቸዋለሁ። አንዱም ‹ወደ ቤቴ መመለስ የነበረብኝ በዚህ ቀን ነበር› ብሎ አልጻፈም። የጻፈ ካገኘህ እሱን ላክለት።» አሁንስ ለምን አትመለስም ብዬ ጠየቅሁት። በምን ዓይኔ ልጆቼን አያለሁ አለ።

እንግዲህ ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ባለፈው ሐሙስ አመሻሽ ላይ፣ ከዐስር ሶላት በኋላ ሽማግሌዎቹ ወደ ቤቴ መጡ። የመራቸው ዋርሳሜ ነው፤ ጢሙን እንደ ቀድሞው በሂና አቅልቶታል። ኤብላ ከሞተች ጀምሮ ያን ያህል ሰው ቤቴ ገብቶ አያውቅም። ብርጭቆ አልበቃኝም፤ ከአምበሮ ተበደርኩ። እውነቱን ልንገርህ፣ ጫማቸው በር ላይ ተደርድሮ ሳየው ደስ አለኝ። የመጡት ላንተ ጉዳይ መሆኑን እያወቅሁም ደስ አለኝ።

ወጋችንን አልረሳኸውም። ታላቅ ወንድም በሕይወት ሳለ የታናሹ እሺታ ግማሽ እሺታ ነው፤ የሚሞላው ታላቁ እጁን ዘርግቶ ፋቲሃ፣ የቁርዓኑ መክፈቻ፣ ሲቀራ ነው። ከዚያ በኋላ ቃሉን ያጠፈ ሰው አገር አይቀመጥም። ዋርሳሜ ስለ አባታችን ደግነት ብዙ ከተናገረ በኋላ፣ ልጁ ያንተም የእኛም ነው፣ እጅህን ዘርጋና ነገሩ ይቋጭ አለኝ። ሁሉም መዳፋቸውን ዘረጉ። እኔ ብርጭቆዬን በሁለት እጄ ይዤ ነበር፤ አላስቀመጥኩትም። እየፈጀኝ ያዝኩት። ዋርሳሜ ብርጭቆውን አየ፣ እኔን አየ። «ሻይህን ጨርስ፣ እንጠብቅሃለን» አለኝ። እስከ ሳምንቱ ጁምዓ ቀን ስጡኝ ብዬ ለመንኳቸው። ቅር ብሏቸው እጃቸውን አጠፉ።

አንተን ለምን እንደመረጡህ በስልክ አልነገሩህም። እዚህ ካለነው በአንዱም ሰው ላይ መስማማት አቃታቸው። ከጎሳችን የላይኛው ቤት ያቀረበውን የታችኛው ይጠላል፤ የታችኛው ያቀረበውን የላይኛው አይፈልገውም። ስለዚህ ማንም ያልተጣላውን ሰው ፈለጉ። አንተን ማንም ያልተጣላህ ደግሞ ስለማትኖር ነው። ከመጣህ በወሩ መጣላት ይጀምራል፤ ገንዘብህ ሲያልቅ ደግሞ ሁለቱም ቤቶች ይስማማሉ፣ አንተን በመጥላት። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚሉት ይህን ነው። ከልቱንን ምን ብለሃት ልትመጣ ነው? ሰሃልስ ድምፅህን ከስልክ ብቻ የሚሰማው ስንት ዓመት ይሆን? ዋርሳሜን ብጠይቀው፣ የሚስት ነገር ቀላል ነው፣ እዚህም ሚስት አለ አለኝ። ሊያስቀኝ ፈልጎ ነው። አልሳቅሁም።

አሁን ደግሞ የራሴን ልንገርህ፤ ካልነገርኩህ ምክሬ ሁሉ ውሸት ይሆናል። ሮብሌ፣ እጄን ልዘረጋ ትንሽ ነው የቀረኝ። አንተ ስለምታሸንፍ አይደለም። ስለምትመጣ ነው። መልእክትህን በሰማሁ ማግስት የፊተኛውን ክፍል ጠረግሁ፤ ፍራሹን አውጥቼ ፀሐይ አሞቅሁት፤ መስኮቱን ቀለም ልቀባው ብዬ ቀለም ገዝቼአለሁ። ከግድግዳው ወዲያ የሰው ሳል ልሰማ ነው ብዬ ነበር። ቤት ስገባ «መጣህ?» የሚለኝ ሰው ከጠፋ ቆየ። መደቤ ላይ እስከ ምሽት የምቀመጠው ገበያ ኖሮ አይደለም፤ ቁልፉን በር ውስጥ ማዞር ስለምጠላ ነው። የስንት አገር መሪ በስንት ዓመቱ እንዳገባ፣ ምን ቁርስ እንደሚወድ፣ በምን በሽታ እንደሞተ አውቃለሁ። እኔ ዛሬ ምን እንደበላሁ የሚያውቅ ግን የለም። ናፍቀኸኛል። ልጅ ሆነን የአባታችንን ግመል ስንጠብቅ በአንድ ጨርቅ ተጠቅልለን ስንተኛ ጨርቁን ሁልጊዜ አንተ ነበርክ የምትስበው፤ አሁን ያ መሳብህ እንኳ ይናፍቀኛል።

እንግዲህ እንዲህ ያለ ሰው «እሺ» ቢልልህ እሺታው ምን ይረባሃል? ያነበብኳቸውን መሪዎች ሁሉ ሳስብ፣ ዙሪያቸው ያለው ሰው ለራሱ ጥቅም «ና» ያላቸው ናቸው። አንዱ ሹመት ፈልጎ፣ አንዱ መሬት ፈልጎ። እኔም ብቸኝነቴን እንድታስታግስልኝ «ና» ብልህ ከእነርሱ በምን እሻላለሁ?

ይህ ደብዳቤ ሲደርስህ ጁምዓው አልፏል። እጄን አልዘረጋሁም ማለት ነው። ፋቲሃ አልተቀራም፤ አንተም ከቃልህ ነፃ ነህ። ነውሩ የእኔ ነው። ለሚደውልልህ ሁሉ «ታላቄ ከለከለኝ» በል፣ ሌላ ቃል አትጨምር። «ሳማታር ምቀኛ ነው፣ ታናሹ እንዳይበልጠው ፈራ» ይላሉ። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው፤ ሲያሙኝ ላልሰማ እችላለሁ። ዋርሳሜ ከእንግዲህ በመደቤ በኩል ሲያልፍ ሰላም አይለኝም። አግዳሚ ወንበሩ ላይ ያሉትም ጀርባቸውን ሊሰጡኝ ነው። አምበሮ እንኳ ደንበኞቿን ማስቀየም አትችልም፤ ሻዬን በልጅ ትልክልኝ ይሆናል። ይህን ሁሉ አስቤበታለሁ። ከባድ ነው፣ ቀላል ነው ብዬ አልዋሽህም።

ትቆጣኝ ይሆናል፤ መብትህ ነው። አገርህን ማገልገል ከልብህ ከሆነ ግን መንገዱ አልተዘጋም። ከልቱንንና ልጆቹን ይዘህ ና፤ እዚህ ኑር። ሁለት ሦስት ዝናብ ይለፍብህ። ከጎረቤት ጋር በውሃ ተጣላ፣ ታረቅ፣ ሰው ክፉህንም ደግህንም ይወቅ። ከዚያ ልወዳደር ካልክ፣ መጀመሪያ መዳፉን የሚዘረጋው እኔ ነኝ። ያን ጊዜ ማንም አይቀድመኝም።

ለከልቱን የወንድም ሰላምታዬን አድርስልኝ፤ ቀጭኗ መጽሐፍ የእርሷ እንደሆነች አትርሳ። ኢዲልን ጉንጯን ሳምልኝ፤ አጎትሽ በደብዳቤ ላይ እንግሊዝኛ መጻፍ ያፍራል፣ ስትመጪ ያወራሻል በላት። ሰሃል ስለ ፍየሏ ጠይቆኝ ነበር፤ ስም የላትም በለው፣ እሱ ያውጣላት። ለአማትህ ለሹክሪ፣ ጸሎቷ ላይ ኤብላን እንድታነሳልኝ ለምንልኝ። አምበሮም ሰላም ብላሃለች፤ ሻይህ ውስጥ ስኳር ስታበዛ እንደነበር አልረሳችም። ሂርሲ የማያውቅህ ቢሆንም ሰላም በልልኝ ብሏል፤ «ዕጩው» አትበለው፣ ሂርሲ በለው።

ዕጩ ከባሕር ማዶ ሲመጣ አውሮፕላን ማረፊያው በመኪና ሰልፍና በጥሩምባ ይሞላል፤ ሰው ቅጠል ይዞ ይወጣል፣ ድምፅ ማጉያው ስሙን ሲጠራ ይውላል። አንተ በመጣህ ቀን እንዲህ ያለ ነገር አይኖርም። ከበሩ ስትወጣ ፊትህን ወዲያና ወዲህ አታዙር። አጥሩ ጋ ብቻውን የቆመ አንድ ሽማግሌ ታያለህ፤ እኔ ነኝ።

ታላቅ ወንድምህ
ሳማታር

ሃርጌሳ፣ ሻዕባን ሃያ ሁለት፣ ረቡዕ ቀን ተጻፈ።